የተገለበጡት ገመዶች

አርብ፣ ጥቅምት 7

አዲሱ የብየዳ ማሽን ገባ። የእህቴ ልጅ ሃዊ ከአዲሱ ገበያ ሚኒባስ ላይ አስጭና አመጣችው። ጋዝ አይፈልግም። ሽቦው ሆዱ ውስጥ ዱቄት አለው፤ ሲነድ ጭሱ ብየዳውን ከነፋስ ይከልለዋል። ለቀጨኔ ነፋስ የተሠራ ነው በቃ።

መመሪያውን አነበበችልኝ። "አጎቴ፣ መበየጃው ነጌቲቭ ላይ ነው የሚታሰረው። ገመዶቹ ከተገለበጡ ይተፋል፣ ብየዳውም ቀዳዳ ቀዳዳ ይሆናል።"

"እንደ ሙዘይን ጥርስ?"

ሙዘይን ጁምዓ ሄዶ ነበር፣ አልሰማም። ሃያ ሁለት ዓመት አብረን በየድን። ማንም አላስተማረንም። የሱ መስመር ግን በስፌት መኪና የተሰፋ ይመስላል። እጁ ሞርሳ ነው፤ አንዴ የያዘው ብረት አይላወስም።

ሲመለስ ሻይ ጠጣን። ብርጭቆውን በሁለት እጁ ያዘ። "ጡጦ ላምጣልህ?" አልኩት። ሳቀ።

ሰኞ፣ ጥቅምት 10

ተንኮሌ ተነሳብኝ። ሙዘይን ወጣ ሲል የማሽኑን ክዳን ከፍቼ ሁለቱን ገመዶች ገለበጥኳቸው።

መጣና የደንበኛችንን የአበራሽን የግቢ በር ጀመረ። ፍንጣቂው እስከ ጣሪያ! ብየዳው የተፈለፈለ በቆሎ መሰለ። ጀርባዬን ሰጥቼ ሳቄን ዋጥኩ። አሁን ይሳደባል፣ ያኔ እነግረዋለሁ ብዬ...

አልተሳደበም። ጭምብሉን አውልቆ እጁን ሲያይ ቆየ።

"በዳሳ... እንግዲህ ደረሰ።"

"ምኑ?"

ኮቱን ለብሶ ወጣ። ለምን አልጠራሁትም?

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 11

አልመጣም።

ሐሙስ፣ ጥቅምት 13

ቤቱ ሄድኩ። ሚስቱ ሀጂራ በር ላይ አስቆመችኝ። "እጁ መንቀጥቀጥ ከጀመረ ከረመ። ሐኪሙ እየባሰ ይሄዳል ብሎታል። ለአንተ እንዳልነግር አስምሎኝ ነበር።"

"ለምን?"

"'በዳሳ ከሰማ ይስቅብኛል' ብሎ።"

ጡጦ ላምጣልህ ያልኩትን ሰውዬ...

ገባሁና ሁሉንም ነገርኩት። ይመታኛል ብዬ ነበር። ፊቱ በራ።

"እና ማሽኑ ነው?"

"እኔ ነኝ።"

"አንተ ባለጌ!" እንዲህ ደስ ብሎት ሰድቦኝ አያውቅም። ደስታው አስፈራኝ።

አርብ፣ ጥቅምት 14

ገመዶቹን በቦታቸው አሰርኩ። ሁለቴ አየኋቸው። ሙዘይን "ቢስሚላህ" ብሎ ጀመረ። ድምፁ ልክ። ፍንጣቂ የለም። ቅርፊቱን በመዶሻ አራገፈ።

አንድም ቀዳዳ የለም። መስመሩ ግን... ከመገጣጠሚያው ይወጣል፣ ይገባል። ሁለተኛ ሞከረ። ሦስተኛ።

"የጭምብሉ መስታወት ጠቁሮ ነው" አልኩ።

"በዳሳ፣ ተው።"

መዶሻውን አስቀመጠ። ከዚያ ቀስ ብሎ፣ "ነገ አበራሽ በሯን ልታይ ትመጣለች። ገመዶቹን መልሰህ ገልብጣቸው። በማሽኑ ይመካኝ።"

ገለበጥኳቸው። ማናችንም አልሳቅንም።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 15

አበራሽ መጣች። ሙዘይን ፊቷ በሯን መበየድ ጀመረ፤ ማሽኑ ተፋ። "ውይ ሙዘይን፣ ምን ሆነህ ነው ዛሬ?"

"ይሄ አዲስ ማሽን እኮ..." አለና እኔን አየኝ።

"ሃዊ ናት የተሸወደችው" አልኩ። "ቆርቆሮ ነው የሸጡላት።" አበራሽ ስቃ ሄደች። ሃዊ ይቅር ትበለኝ።

ገመዶቹን መለስኩ። የተበላሸውን ፍቄ እንደገና እኔ በየድኩት። ሙዘይን ብረቱን ያዘልኝ፣ በሁለት እጁ። መንቀጥቀጡ በብረቱ አልፎ እኔ ድረስ ይመጣል።

"አጥብቄ ይዣለሁ?" አለኝ።

"እንደ ሞርሳ" አልኩት። ጭምብሌን ቶሎ ወደ ታች አወረድኩ።