ባለ አንድ ዓይን ወታደሮች

ሚያዝያ 3 ቀን 1970
ስድስት ሲኒ ሥዬ ጨረስሁ። ጠርዛቸው ላይ ደንገል፣ ሆዳቸው ላይ ዳክዬ። ሲኒ ላይ መሣል ያስተማረችኝ መስኮቢት የሰጠችኝ ቀለም እያለቀ ነው። አገሯ ስትገባ ምድጃዋን ትታልኝ መሄዷ በጀኝ እንጂ ቀለሙ ካልተጋገረ በአንድ እጥበት ይለቃል። አባባ ሲያበሽቁኝ ዋሉ። "የቤተ ክርስቲያን ሠዓሊ ልጅ ዳክዬ ሠዓሊ ሆነች!"

ሚያዝያ 9
የቀበሌው ሊቀ መንበር ሣህሉ መጣ። ክው አልሁ። በጥር የጎረቤቴን የየብርጓልን ልጅ ያስወሰደው እሱ አይደል? ሬሳውን እንኳ አልሰጧት...
ሳህን ሊያሠራኝ ነው። ለሜይ ዴይ ከአዲስ አበባ ለሚመጣ እንግዳ ስጦታ። የሚሰለፉ ወታደሮች ይሁኑ ብሎ ፖስተር ሰጠኝ። እምቢ ይባላል?

ሚያዝያ 17
ጋግሬ አስረከብሁ። እፎይ!

ሚያዝያ 18
እፎይ ማለቴ...
አባባ ለሙከራ የሠራሁትን ሳህን ዛሬ አዩት። መነጽራቸውን አወለቁ፣ መልሰው አደረጉ።
"አንቺ ልጅ፣ እነዚህ ባለ አንድ ዓይን ናቸው እኮ!"
"ፖስተሩ ላይ ወደ ጎን ነው የሚያዩት፣ አባባ።"
"ፖስተሩ ምን ያውቃል! ጻድቅ በሁለት ዓይኑ፣ ርኩስ በአንድ ዓይኑ ይሣላል። ሳላስተምርሽ ቀርቼ ነው?"
አስተምረውኛል። በሰባት ዓመቴ። የጌታን ገራፊዎች ሁሉ እንደዚያ ነው የሣልናቸው። እንዴት ረሳሁት? ሣህሉ ደግሞ ዲያቆን የነበረ ሰው ነው። ሲያየው ይገባዋል።

ሚያዝያ 20
እህል አልወርድ አለኝ። መኪና በሰማሁ ቁጥር በሩን እቀረቅራለሁ። የሙከራውን ሳህን ሰባብሬ ጓሮ ቀበርሁ። አባባ ዳዊታቸውን ይደግማሉ።

ሚያዝያ 22
መጣ። ብቻውን። ሳህኑን በጋዜጣ ጠቅልሎ።
"ፅጌ፣ እኔም ቤተ ክህነት ነው ያደግሁት።"
አለቀልኝ አልሁ። እግሩ ላይ ልወድቅ ስል ከኪሱ ጉርድ ፎቶግራፍ አወጣ። የራሱን።
"ለእንግዳው ሌላ ስጦታ አግኝቻለሁ። አንቺ ይሄን ሥሪልኝ።" ድምፁን ቀነሰ። "ሁለቱም ዓይኖቼ ይታዩ... እንዳባትሽ አሣሣል።"

ሚያዝያ 28
ሣልሁት። ፈርቼ ነው። ፊቱን ሙሉ፣ ዓይኖቹን ትልልቅ አድርጌ።
ከምድጃ አውጥቼ እያቀዘቀዝሁት የብርጓል ጨው ልትበደር ገባች። መሸፈኛ አጣሁ። ቆማ አየችው።
"ዓይኑን አሳምረሽለታል" አለችኝ።
ጨውን ሳትወስድ ወጣች። ተከትያት ልሮጥ ነበር... ምን ልላት?

ግንቦት 5
ሳህኑን ወስዶታል። አመሰገነኝ። እኔ ግን በጓሮ በኩል ነው የምወጣው። በየብርጓል ደጅ ማለፍ ፈራሁ።