ሣሩን መሸጣቸውን ለዘነጉት ለክቡር ሊቀመንበር

ለክቡር አቶ ክላይቭ ሆስኪን
የዋራንጉል የሣር ቦውሊንግ ክበብ ሊቀመንበር

ክቡርነትዎ ሆይ፣ እንደምን ሰነበቱ? ጤናዎ፣ ጉልበትዎ፣ በተለይም ሰሞኑን ከድቶዎታል የሚባለው የማስታወስ ችሎታዎ ተሟልቶ እንዲመለስልዎ ከልብ እመኛለሁ። እኔ ከክበብዎ፣ ኳስ ከምታንከባልሉበት ሣርዎም ጭምር፣ ዕድሜ ልኬን ከመታገዴ በቀር ደህና ነኝ።

እንደሚያውቁት፣ ሠላሳ ዓመት መድረክ ላይ ቆሜ ሰውን ፊት ለፊት እየተናገርኩ በማሳቅ የኖርኩ ሴት ነኝ። የተወረወረ ጠርሙስ ሸሽቻለሁ፣ በጓሮ በር ወጥቻለሁ፤ ከሲድኒ እስከ ዳርዊን ያልተባረርኩበት መጠጥ ቤት ጥቂት ነው። የቤት ኪራዬን የሚከፍልልኝ ግን የቴሌቪዥን ድራማው ነው፤ እዚያ በየሳምንቱ ደጓን ነርስ ሲስተር ፖሊን ሆኜ የበሽተኛ እጅ እይዛለሁ። ኮሚቴዎ ለክበቡ የዓርብ ምሽት መድረክ የጋበዘው ሲስተር ፖሊን ነበር፤ የመጣሁት ግን እኔ ነኝ። ለዚህ ይቅርታ እጠይቃለሁ። የቀረውን እንደሚከተለው በትሕትና አቀርባለሁ።

፩. በዚያ ዓርብ፣ ሥጋ የሚያሸልመው የክበቡ ሎተሪ ወጥቶ እንዳበቃ፣ ከፊት ወንበር ሆነው ደጋግመው ስላቋረጡኝ አመሰግናለሁ። «ሲስተር፣ መርፌሽን ረሳሽው እንዴ?» ሲሉ ጓደኞችዎ ጠረጴዛውን ደበደቡት። እኔም እንደ ሙያዬ፣ «አንተ ባለአርማው ኮት፣ ሥራህ ምንድን ነው?» አልኩዎ።

«ሊቀመንበር ነኝ!»

«እሱማ ወንበር ነው። በዚህ ሳምንት ምን ሠራህ?»

ኮሜዲያን ልርታ ያለ ሰው አፉ አይታዘዝለትም። ቢራዎን ከፍ አድርገው ተነሡና፣ «ሣሩን ሸጥኩላቸዋ! ፈርሜ ጨረስኩ፤ ከሰኞ ወዲህ የክበቡ አይደለም፣ ፎቅ ይበቅልበታል!» አሉ። ማንም አልሳቀም። ሰማንያን ያለፉት፣ አሁንም በዚያ ሣር ላይ ኳስ የሚያንከባልሉት፣ የሟች ባላቸው አስከሬን ተቃጥሎ አመዱ ከሣሩ ዳር የተበተነላቸው ወይዘሮ ዶት ፔንግሊ ቀስ ብለው፣ «ክላይቭ፣ የቱን ሣር ነው?» አሉ። ካፍ ከወጣ አፋፍ ነውና እርስዎ ቢራዎን ይዘው ቁጭ አሉ።

፪. በማግሥቱ «ሽያጭ የሚባል ነገር የለም፤ ወሬው የኮሜዲያኗ ፈጠራ ነው» የሚል ማስታወቂያ ከእገዳዬ ጋር በክበቡ በር ላይ ስለለጠፉ ከልብ አመሰግናለሁ። የሙያ ባልደረቦቼ ቀልዴን ሲሰርቁኝ ኖረዋል፤ የራሱን ንግግር በነጻ የሰጠኝ የመጀመሪያው ሰው እርስዎ ነዎት።

፫. «እኔ የፈጠርኩት ነው» የሚል የይቅርታ ጽሑፍ እስከ ቅዳሜ ካልፈረምኩ፣ ለድራማው አዘጋጆች ጽፈው ሲስተር ፖሊን እንደሚያሳጡኝ በጨዋ ቋንቋ አስታውቀውኛል። አልዋሽዎትም፣ ፈርቻለሁ። ስድሳን ለተጠጋች፣ አፏ ላልተገራ ሴት ሌላ ሲስተር ፖሊን አትመጣላትም። ብዕር ያነሣሁበትም ጊዜ ነበር። ባነሣሁ ቁጥር ግን የወይዘሮ ዶት ጥያቄ ጆሮዬ ላይ እየመጣ አስቀመጥኩት። ስለዚህ አልፈርምም። ለአዘጋጆቹ ይጻፉ፤ አድራሻቸው ከጠፋብዎ እኔው እልክልዎታለሁ።

ጊዜዎን ስለተሻማሁ ይቅርታዎን እየለመንኩ፣ በኮትዎ ላይ ላለው አርማ ካለኝ ጥልቅ አክብሮት ጋር፣

የክቡርነትዎ የዕድሜ ልክ ታጋጅ
ግሌንዳ ትራቨርስ

ማሳሰቢያ፦ እገዳው የሚጸናው «በክበቡ ይዞታ ሁሉ» መሆኑን በጥንቃቄ አንብቤአለሁ። ስለዚህ እሑድ ከሰዓት በኋላ ሣሩ መሀል ቆሜ እርስዎን ሆኜ እጫወታለሁ፤ ባለአርማውን ኮት ወይዘሮ ዶት ሰፍተውልኛል። አባላቱ ሁሉ ይመጣሉ፤ ሣሩን የገዙት ሰዎችም ተጋብዘዋል። ሣሩ የክበቡ ከሆነ፣ በሁሉም ፊት «ከክበባችን ሣር ላይ ውጪልኝ» ይበሉኝ፤ ቃል ሳልመልስ እወጣለሁ። ካልሆነ ግን አረፍ ይበሉ፤ የፊቱ ወንበር ተይዞልዎታል።