ጉብታው ላይ ያላመሸሁበት ቀን

ታዴዬ፣ በሰላም አረፍክልኝ ወይ?

ከተለያየን ወዲህ ቡና ሁለት ጊዜ ተለቀመ። እኔ ደህና ነኝ። ቤታችንን ለእህትህ ልጅ ትቼ ዲላ፣ ልጃችን ማርታ ጋ ገብቻለሁ። ደጃፏ ላይ ሁለት እግር እንሰት ተክዬ የከተማ ሰው ይስቅብኛል።

መንደራችን ኮንጋ እንደተውካት ናት። ዘንድሮም ዝናቡ ያለ ጊዜው እየመጣ ማድረቂያው አልጋ ላይ የተሰጣውን ቡና ሲመታው፣ ሰዉ ከቤታችን በላይ ያለው ጉብታ ላይ እየወጣ ያመሻል። ጀምበር እስክትጠልቅ እዚያ የቆየ ሰው፣ ሲነጋለት የሚያገኘው ያንኑ ያለፈውን ቀን ነው። እሱ ያስታውሳል፣ ሌላው አያውቅም። ዝናቡ የሚመጣበትን ሰዓት አውቆ ቡናውን ቀድሞ ይሸፍናል። ማንም ካላመሸ ግን ቀኑ አለፈ ማለት ነው፤ ወዲያ መመለሻ የለውም። አንተ የስንቱን ሰው ቡና እንዲያ አተረፍክ። ፈተና የደረሰበት ተማሪ ከዲላ ድረስ መጥቶ ሲያመሽ ትስቅበት ነበር። ተጣልተው ቀኑን ሊያስተካክሉ የወጡት ባልና ሚስትስ ትዝ ይሉሃል? በሁለተኛው ቀን የባሰ እንደተጣሉ ሚስትየዋ ራሷ ነበረች የነገረችን።

ሐኪሞቹ "ልቡ ደክሟል፣ ቤቱ ይረፍ" ብለው ከሸኙህ በኋላ ብዙም አልቆየህም። አንድ ቀን ከምሳ በኋላ በር ላይ ፀሐይ እየሞቅክ ሞትክብኝ። ሬሳህን ለጎረቤት ትቼ ወደ ጉብታው ሮጥኩ። ሰዉ ያበድኩ መስሎት እስከ ጉብታው ሥር ተከትሎኝ ተመለሰ። ሲነጋ አጠገቤ ተኝተህ ትተነፍሳለህ።

እንደዚያ ጠዋት ያለ ደስታ በዕድሜዬ አላየሁም። መጀመሪያ ላይ ላድንህ ታገልኩ። ነርሷን በጠዋት አስጠራኋት፣ መድኃኒቱን አስቀድሜ ሰጠሁህ፣ ከአልጋ እንዳትነሳ ከለከልኩህ። ከምሳ በኋላ ያው ነው። አንተ ትሞታለህ፣ እኔ ጉብታው ላይ እወጣለሁ። እያደር ማዳኑን ተውኩትና አብሬህ መዋሉን ብቻ ያዝኩ። ስንት ጊዜ እንደሆነ አልቆጠርኩም። አንተ የማታውቅ መስሎኝ ጠዋት ጠዋት እየሳቅኩ እቀሰቅስህ ነበር። አንተም ትስቅልኝ ነበር።

አንድ ጠዋት ነጩን ጋቢ ላለብስህ ስል እጄን ያዝከኝ።

"ይሄን ተይው አስቱ፤ ትናንትም እሱን ለብሼ ነው የሞትኩት" አልከኝ።

ሞቶ የተመለሰ ሰውም እንደሚያስታውስ ማን ነግሮኝ? ጋቢውን እንደያዝኩ አጠገብህ ተቀመጥኩ። ለምን እንደደበቅከኝ ስጠይቅህ፣ "ስትደሰቺ አየሁሽ" አልከኝ። ደግሞም፣ "ሕመሙን እችለዋለሁ። ምሳ ከበላን በኋላ ቁጭ ብሎ መጠበቁ ነው የከበደኝ። ማርታን ጥሪልኝ፣ አይቻት ልሂድ። ዛሬ አታምሺ" አልከኝ።

ደወልኩላት። ረፋዱ ላይ በሞተር ደረሰች፤ ጫማዋ ጭቃ በጭቃ ሆኖ። ቆጮ በጎመን አብረን በላን። ሕፃን ሳለች ቡና ማጠቢያው ቦይ ውስጥ ወድቃ ከእሸት ቡናው ጋር ስትንሳፈፍ፣ በቀሚሷ ይዘህ እንዳወጣሃት ነገርካት። እንዳልቆጣህ ብለህ ያን ሁሉ ዘመን ለእኔ አልነገርከኝም ነበር። ሦስታችንም ሳቅን። ከዚያ ደከመህ፤ እጇን እንደያዝክ ጋደም አልክና አለፍክ።

ጀምበር ስታዘቀዝቅ ጎረቤታችን እትዬ ደስታ በጆሮዬ፣ "አስቱ፣ ሊመሽ ነው እኮ። አትወጪም?" አሉኝ።

"አልወጣም" አልኳቸው።

አፌ እንዲያ አለ እንጂ ጉልበቴ ሊነሳ ይታገለኝ ነበር። ማርታን ጥብቅ አድርጌ ይዤ ተቀመጥኩ። መሸ። ሲነጋ ማግስቱ ሆኖ ነበር፤ ቀባሪው ግቢውን ሞልቶታል።

ለማርታ ሁሉንም የነገርኳት ቆይቼ ነው። ብዙ አለቀሰች። "አንቺ ስንት ቀን ጠገብሽው፤ እኔ እኮ አንዲት ቀን ብቻ ናት ያለችኝ" አለችኝ።

ግን እውነቱን ልንገርህ፣ ታዴዬ፤ አልጠገብኩህም። እነዚያ ቀኖች አሁን ተደባልቀውብኛል፤ በየትኛው ምን እንዳልከኝ ለይቼ አላውቅም። ያችን የመጨረሻዋን ግን ከነድምፅህ ይዣታለሁ። ለማርታ እነግራታለሁ፣ የዘነጋሁትን እሷ ትሞላልኛለች። ኮንጋ ስሄድም ፀሐይ ሳትጠልቅ ከጉብታው እወርዳለሁ። ባንተ ቀን ላይ ሌላ ቀን አልደርብባትም። በሕይወት እስካለሁ አንድም ነገር ሳይጎድልባት እጠብቅልሃለሁ።

አስቱ