አባባ ያገኙት ዋሻ

ለውድ ወንድሜ ለጋሼ ቶዋን፣ ሰላምታችን ባሕሩን ተሻግሮ ጃፓን ይድረስህ። ጎርፉ ጎድሎ ሩዙ ተተክሏል፤ እኛ ደህና ነን።

እሁድ ዕለት አባባን እኔ ወደማስጎበኘው ዋሻ ወሰድኳቸው። «በወጣትነቴ ያገኘሁትን ዋሻ አንቺ ልታስጎበኚኝ?» እያሉ፣ መንገዱን ሁሉ ትከሻዬን ይዘው ሲስቁብኝ ሄዱ። አፉ ላይ ስንደርስ ከውስጥ የሚወጣው ቀዝቃዛ ነፋስ መታንና ባርኔጣቸውን አወለቁ።

ሰባት ዓመት ስሠራበት እንደዚያ ቀን ገርሞኝ አያውቅም። ጣሪያው ሥር ደመና ተንጠልጥሏል፤ በቀዳዳው የሚወርደው ብርሃን ፏፏቴ ይመስላል። አብረውን የገቡት የማስጎበኛቸው እንግዶች አፋቸውን ከፍተው ቀሩ። አባባ ግን አንዴ አጨበጨቡና ድምፁ ዞሮ እስኪመለስ ጠብቀው፣ «አንቺ፣ ዛሬም ያው ነው! ምንም አልጠበበም!» አሉኝ።

ወደ ውስጥ ዘልቀን ተቀመጥንና፣ እንደ ልማዳችን፣ ሁሉም የራስ መብራቱን እንዲያጠፋ ነገርኳቸው፤ አጠፉ። እንዲያ ያለ ጨለማ ምድር ላይ የለም፤ የገዛ እጅ እንኳ አይታይም። አባባ በሙዝ ቅጠል የጠቀለልኩላቸውን ሩዝ ቅጠሉን እያንኮሻኮሹ ቀስ ብለው እየገለጡ፣ «ሊዩ፣ መብራቱን መቼ ነው የምታጠፉት?» አሉኝ።

«አሁን፣ አባባ» አልኳቸው።

የላክኸው ፎቶ ደርሶናል። አባባን «ወፍሯል» ብያቸው ደስ አላቸው። ከእንግዲህ ግን ፎቶውን ተወውና ድምፅህን ቀድተህ ላክልን። ሁላችንም ናፍቀኸናል፤ በሰላም ያገናኘን። ለአዲስ ዓመት ስትመጣ ገና ከደጅ «ቶዋን ነኝ» እያልክ ግባ።

እህትህ ሊዩ፣ ከፎንግ ኛ