ግማሽ ፊልም እና አንድ ድልድይ

እሑድ

ፊልሙ እኩሌታው ላይ ቀረ። ካፒቴኑ መርከቡን ከጠባቡ የባሕር መተላለፊያ አፍ ላይ አቁሞ፣ እጆቹን ከኋላው አጣምሮ ጉሙን ሲያይ የአዳራሹ መብራት በራ። ቀሪው የፊልም ጥቅል ከጅቡቲ አልደረሰም፣ በነገው ባቡር ይመጣል ተባልን። ሰው ወንበር መደብደብና ማፏጨት ጀመረ። እኔም በልቤ አፏጨሁ።

የምወደው እንዲህ ያለውን ፊልም ነው። ተኩስና የፈረስ ግልቢያ ለልጆች ይሁን። አለቃ የሆነ ሰው ሲጨነቅ፣ ሁሉም ጎኑን እየነካካ "ወስን" ሲለው፣ እሱ ግን ሳይጮህ፣ ሳይሳደብ ሲያስብ ማየት ደስ ይለኛል። ምናልባት እኔም የሐዲድ ጥገና አለቃ፣ በባቡር ቤቱ ፈረንሳይኛ ሼፍ፣ ስለሆንኩና በቀን ሦስቴ ስለምጮህ ይሆናል። የመርከቡ ባለቤት እዚያው ተሳፍሯል፣ በጊዜ ካልደረስን ጠፋሁ ይላል። ተሳፋሪው ያጉረመርማል። ምክትሉ ፈሪ ይለዋል። ካፒቴኑ ግን የማያየው ውስጥ አልገባም ብሏል።

ሙሳ ጉድ ሠራ። ሙሳ ከመጋረጃው ጎን ቆሞ ፈረንሳይኛውን በአማርኛ፣ በኦሮምኛና በሶማልኛ የሚተርክልን ሰው ነው። ወንበር ሊሰበር መሆኑን ሲያይ መጨረሻውን ከራሱ አወጣ። ካፒቴኑ "ቢስሚላሂ" ብሎ ጉሙን ሰንጥቆ ገባ፣ መርከቧም በሰላም አለፈች አለ። ሰው ሁሉ አጨብጭቦ ወጣ። ፈረንጅ ካፒቴን ቢስሚላሂ ማለቱን የጠረጠረ አንድም አልነበረም።

እቤት ገብቼ ለፋንታዬ ካፒቴኑ እንዴት እንደሚቆም እጄን አጣምሬ አሳየኋት። ወገብህን አመመህ እንዴ አለችኝ። ሚስት እንዲህ ናት።

ሰኞ

ደጋው ላይ ሲዘንብ አደረ። እዚህ ድሬ ጠብታ የለም፣ ከተማውን የሚከፍለው የደቻቱ ወንዝ ግን በጠዋት ጎርፍ ሞልቶ ነበር። ከሽንሌ ወዲያ የባቡር ድልድያችን ያለበት ደረቅ ወንዝም እንደዚያው መሆኑን በስልክ ሰማሁ። ሠራተኞቼን ይዤ ሄድኩ።

ድልድዩ ቆሟል። ሐዲዱም ቀጥ ብሏል። የማያውቅ ሰው ቢያየው ምንም አልሆነም ይላል። ነገር ግን መሐለኛው ምሰሶ ሥር ውሃው ይሽከረከራል፣ ያ ደግ ምልክት አይደለም። ውሃ እያሳሳቀ ነው የሚወስደው። ሥሩ ተበልቶ እንደሆነ ውሃው ካልጎደለ ማወቅ አይቻልም።

የጅቡቲው ባቡር ከወዲያ ማዶ ደርሶ ቆመ። ነጂው ደስታ የሚባለው ነው፣ በባቡሩ ፉጨት አውቀዋለሁ። እንዳይሻገር ቀይ ባንዲራ ተከልኩና ተመለስኩ።

እዚህ አንድ ነገር ልጻፍ። በእኛ ሥራ የተጎዳ ድልድይ የሚከፍት አለቃ፣ የመጀመሪያው ባቡር ሲያልፍ ከድልድዩ ሥር ይቆማል። ሕግ አይደለም፣ ከቀደሙት የወረስነው ልማድ ነው። አለቃው ራሱን ካላመነ ማን ይመነው ነው ነገሩ። እኔ ሁለት ጊዜ ቆሜያለሁ።

ማክሰኞ

ውሃው ትንሽ ጎደለ። ተሳፋሪዎቹን ገመድ ይዘው በእግራቸው ወንዙን አሻገርናቸው። ሴቶች፣ ሕፃናት፣ አንዲት ዶሮ ያቀፈች አሮጊት። አንድ ሰው ጫማው ብቻ ተወሰደበት። ከዚያ ሌላ ጉዳት ስለሌለ ደስ ብሎኛል።

ዕቃው ግን ቀረ። ፉርጎዎቹ በጉምሩክ የእርሳስ ማኅተም ታሽገዋል፣ ድሬዳዋ ገብተው ካልሆነ አይከፈቱም። ማኅተሙን የሰበረ እስር ቤት ነው የሚገባው። ሰው ይሻገራል፣ ሩዝ አይሻገርም።

ሩዙ የሐጂ ዩሱፍ ነው። ጎረቤታችን ናቸው፣ መጋላ ገበያ ውስጥ ሱቅ አላቸው። ልጃቸውን ሐሙስ ይድራሉ። የሠርጉ ሩዝ፣ ስኳሩ፣ ቅቤው፣ የሙሽራዋ ልብስ ሁሉ እዚያ ውስጥ አለ። ፋንታዬ ታማ በተኛች ጊዜ ሐጂ በየቀኑ ሾርባ ይልኩልን ነበር።

ቀሪው ፊልምም እዚያው ነው። ለፋንታዬ ስነግራት፣ እንግዲህ ራስህንም ቀጣህ አለች።

ረቡዕ

ዛሬ ከተማው ሁሉ የድልድይ መሐንዲስ ሆኖ ዋለ። ጠዋት ሻይ ልጠጣ ብገባ ባለ ሻይ ቤቱ ብርጭቆውን ሳያስቀምጥልኝ ጀመረ። "አቦ ሼፍ፣ ካፒቴኑ እንኳ በጉም አልፏል። አንተ በፀሐይ ፈራህ?" ሰው ሳቀ። መጨረሻውን ሙሳ እንደፈጠረው ማን ነግሮት። እኔም ምን ብዬ ላስረዳ፣ ቀሪውን አላየሁት።

ሙሳን መንገድ ላይ አገኘሁት። ጋሽ ተሰማ፣ ወንበሩን ለማዳን ነው እንጂ አንተን ልጎዳ አልነበረም አለኝ። አልተቆጣሁትም። እሱም የጨነቀው ሰው ነው።

የመሥመሩ ሹም ቢሮ አስጠራኝ። ክፈት ብዬ አላዝህም፣ አንተ ነህ የምታውቀው አለ። ቀጥሎ ግን ስንት ነጋዴ እንደደወለለት ነገረኝ። ቀጥሎ ደግሞ የእኔን ቦታ የሚፈልግ ሰው እንደማይጠፋ፣ ቡና እንደሚጠጣ ሰው ዝግ ብሎ ነገረኝ። ውሃው እንደጎደለ ሥሩን ቆፍሬ አያለሁ፣ ከአዲስ አበባም መሐንዲስ ይምጣልኝ አልኩት። እጄን ከኋላዬ አጣምሬ ነበር። ስወጣ ላብ አጥምቆኛል።

ማታ ሊሆን ሲል ሐጂ መጡ። ወንበር ሰጠናቸው፣ ፋንታዬ ሻይ አቀረበች። ሦስት መቶ ሰው ጠርተው ባዶ ድስት ላይ ሊያስቀምጡት መሆኑን ነገሩኝ። ከዚያ እንዲህ አሉ፦

"ተሰማ ልጄ፣ ልማዳችሁን አውቃለሁ። አንተ ክፈተው፣ እኔ ካንተ ጋር ከድልድዩ ሥር እቆማለሁ። ወላሂ እቆማለሁ።"

የሚሉትን እንደሚያደርጉ አውቃለሁ። "ሐጂ፣ ከሥር የምንቆመው ፈቅደን ነው። ከላይ ያሉትን ማን ጠየቃቸው?" አልኳቸው።

ሻዩን ሳይቀምሱ ተነሱ። እንደዚህ ከቤቴ ወጥተው አያውቁም።

ፈርቼ ይሆን? ለራሴ እውነቱን ልናገር፣ ብቻዬን ብሆን እከፍተው ነበር ብዬ አስባለሁ። ለሐጂ ስል። ግን ደስታ አለ፣ የእሳት ሠራተኛው አለ፣ ከኋላ የሚቀመጠው ፍሬን ያዡ አለ። የቸኮለች አፍስሳ ለቀመች ይባላል፣ ይኸኛው ግን ከፈሰሰ አይለቀምም።

ሐሙስ

እኩለ ቀን ላይ ወንዙ ደረቀ። ቆፈርን። በምሥራቁ በኩል ከምሰሶው ሥር አሸዋው ሄዷል፣ ክንዴን እስከ ትከሻዬ ባስገባም ባዶ ነው። በምዕራቡ በኩል ግን ድንጋዩ አልተነካም። የባቡሩን ክብደት ይችላል? አይችልም? አላውቅም። ድንጋይ ስንጠቀጥቅ፣ ወፍራም እንጨት ስናነባብር ዋልን። ሠራተኞቼ አንዲት ቃል አላጉረመረሙም፣ እኔም አልጮህኩም። ይህ ራሱ ተአምር ነው።

ፋንታዬ ሠርጉ ላይ ሄዳ ነበር። እኔ አልሄድኩም፣ ምን ፊት አለኝ። ከጎረቤት ሁሉ ሩዝ ተለቅሞ፣ ከየቤቱ ቅቤ መጥቶ ተበላ አለችኝ። ሰው ጠግቧል። ሙሽራዋ ግን የእህቷን ልብስ ነው የለበሰችው፣ ትከሻው ላይ ሰፍቷት በመርፌ ቁልፍ ይዘውላታል። ሐጂ አንገታቸውን ደፍተው እንግዳ ተቀበሉ። ይህን ስሰማ እንባዬ መጣ። እራት አልበላሁም።

ዓርብ

መሐንዲሱ መጣ፣ አየ፣ ለካ፣ የሚጎትተው ሞተር ያለ ፉርጎ ብቻውን ይለፍ አለ።

ከሥር ቆምኩ። ደስታ እንደ ኤሊ እየነዳ ገባ። ብረቱ ተንቋቋ፣ አሸዋ አንገቴ ውስጥ ፈሰሰ፣ የማውቀውን ጸሎት ሁሉ ረሳሁ። አለፈ። ምሰሶው ንቅንቅ አላለም። ከዚያ ፉርጎዎቹን ጥቂት ጥቂት እያደረግን ጎተትናቸው፣ ሳይመሽ ሁሉም ገባ።

መሐንዲሱን ባቡሩ ማክሰኞ ቢያልፍ ኖሮስ ብዬ ጠየቅሁት። ትከሻውን ሰበቀ። እናንተ የጠቀጠቃችሁት ድንጋይ ባይኖርም ይችል ነበር ይሆናል፣ ላይችልም ይችል ነበር አለ። ከተማው የሰማው የመጀመሪያውን ብቻ ነው። ተሰማ በከንቱ ሠርግ አበላሸ እየተባለ ነው።

የሐጂ ሩዝ ከሠርጉ ማግስት ሱቃቸው ደረሰ። ደጃፉ ላይ ተቆልሎ አየሁት፣ በሌላ መንገድ ዞርኩ።

ቅዳሜ

ሲኒማው ጢም ብሎ ነበር። ባለ ሻይ ቤቱ ከጎኔ ተቀመጠ፣ ሌላ ቦታ አጥቶ።

ካፒቴኑ አልገባም። ሌሊቱን ሙሉ ቆመ። ባለቤቱ ሰደበው፣ ምክትሉ ሥራውን ጥሎ ጓዳው ገባ፣ ተሳፋሪው ጀርባውን ሰጠው። እሱ ለታመመ ሕፃን ውሃ ላከ፣ ለሠራተኞቹ ተራ በተራ እንዲተኙ ነገረ፣ ራሱ አልተኛም። ሲነጋ ጉሙ ተገፈፈ። ከመተላለፊያው መሐል ድንጋይ፣ ድንጋዩ ላይ ደግሞ ሌላ መርከብ ተሰብሮ ታየ።

ከዚያ ሙሳ ጉሮሮውን ጠርጎ፣ "ጌቶቼ፣ ባለፈው ዋሽቻችኋለሁ። አልገባም። ቆሞ ነው ያዳናቸው" አለ። ይህን በሦስቱም ቋንቋ ደገመው። ሰው መጀመሪያ ሳቀ፣ ቀጥሎ አጨበጨበ። ባለ ሻይ ቤቱ መዳፉ እስኪቀላ አጨብጭቦ ዓይኑን ጠረገ። ወንድ ማለት ይኸ ነው አለኝ፣ ለእኔ። ሳቄን መቆጣጠር አቃተኝ።

እየተመለስኩ ግን ቅናት ያዘኝ። ለካፒቴኑ ድንጋይ አወጡለት፣ ሰውም አየለት። የእኔ ድልድይ ቆሟል። ቢወድቅ ኖሮ ብዬ ደግሞ እንዴት እመኛለሁ። ይህን የመሰለ ሞኝ ቅናት የትም የለም።

እሑድ

ደስታ ከቤተ ክርስቲያን ሲመለስ ጎራ አለ። ሳምንቱን ሙሉ ያሳከከኝን ጠየቅሁት። ማክሰኞ አረንጓዴውን ባንዲራ ባሳይህ ኖሮ ትመጣ ነበር?

"ምን ጥያቄ ነው ሼፍ? እመጣ ነበር እንጂ።"

"ምሰሶውን ሳታይ?"

"ከላይ ሆኜ ምሰሶ ይታየኛል እንዴ? እኔ የማየው አንተን ነው።"

ይህን ብሎ ስለ በግ ዋጋ አወራ፣ ሁለት ብርጭቆ ሻይ ጠጣ፣ ሄደ። ለካ ነፍሱን በእኔ ባንዲራ ላይ ጥሎ ነው የሚነዳው። ከድልድዩ ሥር ቆሜ እንኳ እንዲህ አልፈራሁም።

ለፋንታዬ ነገርኳት። ነጠላዋን አነሳች። ሐጂ ዘንድ እንሄዳለን። ደስታ ያለኝን እንዳለ እነግራቸዋለሁ፣ ሌላ የምጨምረው የለኝም። በር ይከፍቱልን እንደሆን አላውቅም።