የሚስተር ሬይ የመጨረሻ ስብሰባ

ማክሰኞ፣ ግንቦት 11

ብርድ። ከቤቴ ከሮዘተንቪል ሚስተር ሬይ ቤት ትሮይቪል እስክደርስ ጣቴ ደነዘዘ። ሚስተር ሬይ ገንፎውን እምቢ አሉ። "ሳንባዬ ውስጥ ያለው ከሰል ይህን ብርድ ያሳልፈናል" ብለው ሳቁ። ከዚያ ሳል...

በእርጅናቸው ወደዚህ አገር ያመጣቻቸው ልጃቸው ሊንዳ ሥራ ስትሄድ የማስታምማቸው እኔ ነኝ። ዛሬ ስለ ወጣትነታቸው አወሩኝ። እንግሊዝ አገር፣ በአሥራ አምስት ዓመታቸው ከአባታቸው ጋር ከሰል ሊቆፍሩ ጉድጓድ ወረዱ። ከዚያ የሠራተኛ ማኅበር። ከዚያ ፓርላማ! እኔ ጀርባቸውን የማሽላቸው ሰው የፓርላማ አባል ነበሩ?

"የመጀመሪያ ቀን የወንድሜን ኮት ለብሼ ገባሁ። እጅጌው አጠረኝ።"

ዓርብ፣ ግንቦት 14

ባሌ ማናሴ ከሶዌቶ፣ ከሱቁ ተመለሰ። ራቱን ነካ ነካ አድርጎ ተወው። ቆይቶ፣ "መጥተው ነበር" አለ። እነማን? የሰፈሩ ልጆች። የውጭ ሰው ሱቅ ሁሉ ይዘጋ ብለዋል።

"ጎጎም አብረዋቸው ቆመው ነበር።"

ጎጎ... ከሱቁ ጎን የሚኖሩት አሮጊት። ስታመም ሾርባ ያመጡልኝ። ዓይኑን ላለማየት መሬት መሬት ያዩ ነበር አለ።

ሰኞ፣ ግንቦት 17

ለሚስተር ሬይ መናገር አልፈለግሁም። ፊቴን አይተው አውጣጡኝ። ከዚያ የራሳቸውን ነገሩኝ።

በእሳቸው ከተማም ስደተኞች አንድ ሆቴል ውስጥ ተቀምጠው ነበር። ሕዝቡ "ይውጡ!" ብሎ ተሰበሰበ። እሳቸው ሄደው በሩ ላይ ቆሙ። በቀጣዩ ምርጫ ወንበራቸውን አጡ።

"ወንድሜም አልመረጠኝም። ፊት ለፊት ነገረኝ።"

"ታረቃችሁ?"

"ሞተ።"

ይቆጫቸው ይሆን? መጠየቅ ፈራሁ።

ቅዳሜ፣ ግንቦት 22

ሶዌቶ፣ አዳራሽ ውስጥ፣ ስለ ሱቆቹ ስብሰባ ነበር። ሚስተር ሬይ ካልሄድኩ አሉ። ሊንዳ ተቆጣች፣ አለቀሰች፣ በመጨረሻ በመኪናዋ ወሰደችን።

በትራቸውን ተደግፈው ተነሡ። "እኔም የድሃ ልጅ ነኝ። ሥራ ሲጠፋ ሰው ጎረቤቱን..." አልጨረሱም። አንዱ ከኋላ፣ "ነጭ ስለ ሶዌቶ ምን ያውቃል?" አለ። ሳቁባቸው። በሳቃቸው ልፍረድ? ነጭ ቆሞ ሲያስተምራቸው ስንተኛ ጊዜ ነው?

ሳል ያዛቸው፣ ተቀመጡ። እጄን ይዘው፣ "እኔን ለምን ይስሙኝ? አንቺ ተነሺ" አሉ።

ተነሣሁ። "ሳኒቦናኒ" ብዬ በዙሉ ቋንቋ ሰላም አልኩ። አዳራሹ በሙሉ ዞሮ አየኝ። ድምፄ ጠፋ። ተቀመጥኩ።

እሑድ፣ ግንቦት 30

ሱቁ ተሰብሯል። ተዘርፏል። ማናሴ ቅንድቡ ላይ ተሰፋ። ነፍሱ አለች። ሌላ መጻፍ አልችልም።

ሐሙስ፣ ሰኔ 11

ሚስተር ሬይ ሆስፒታል ገብተዋል። አፍንጫቸው ላይ ኦክስጅን። በመጨረሻ ጠየቅኳቸው።

"ያኔ በሩ ላይ በመቆምዎ ይቆጭዎታል?"

"ወንድሜ ይቆጨኛል።" ትንፋሽ ፈለጉ። "በሩ አይቆጨኝም።"

እሑድ፣ ሰኔ 14

አረፉ።

ሐሙስ፣ ሰኔ 18

ቀብር። ጥቂት ሰው፣ ብዙ ንፋስ። ከፓርቲያቸው አጭር የሐዘን መልእክት መጣ። የስማቸው ፊደል ተሳስቷል። ሊንዳ አነበበችና ስልኳን ቦርሳዋ ውስጥ ወረወረችው።

ዓርብ፣ ሰኔ 26

ነጋዴዎቹ እንደገና ስብሰባ ሊጠሩ ነው። ጅምላ ሻጩ አብዱልሀፊዝ ቤት ድረስ መጣ። "እህቴ፣ አንቺ ዙሉ ትሞክሪያለሽ። ስለ እኛ ተናገሪ።"

እሱ ከወጣ በኋላ ማናሴ፣ "ይገድሉሻል" አለ። "ኤርጎጌ፣ ወደ ሆሳዕና እንመለስ። እዚህ ምን ቀረን?"

ምን ቀረን? ወደ ስብሰባው ግን እሄዳለሁ አልኩት።

"እኔ የለሁበትም።"

ቅዳሜ፣ ሐምሌ 4

ማናሴ ሐሙስ ወደ አገር ቤት በረረ። አልተጣላንም። ልብሱን ያጠፍኩለት እኔ ነኝ።

ዛሬ ያው አዳራሽ። አሁን ግን ተናገርኩ... በእንግሊዝኛ፣ በተሰባበረ ዙሉ። ስለ ባሌ ቅንድብ ነገርኳቸው። ጎጎ ሦስተኛው ረድፍ ላይ ነበሩ፤ ስማቸውን አልጠራሁም። ማንም አላጨበጨበም። ማንም አልሳቀም። የሰፈሩ የምክር ቤት ተመራጭ፣ "ይታሰብበታል" ብሎ ወደ ሌላ አጀንዳ ሄደ።

ስመለስ፣ ታክሲ ውስጥ፣ ማናሴ ደወለ።

"ምን አሉ?"

"ይታሰብበታል አሉ።"

"አየሽ? በይ ነይ።"

"በሚቀጥለውም ስብሰባ እናገራለሁ" አልኩት።

ስልኩን አልዘጋውም። ሮዘተንቪል እስክደርስ ትንፋሹን እሰማ ነበር።