የደሴቶቹ ገመድ ወርዋሪ

ማክሰኞ፣ የካቲት 1998

ሳቁ ገና ጆሮዬ ውስጥ አለ። የእህቴ ልጅ ዳርሚ የሰፈሩን ልጆች ሰብስባ ግቢያችን ውስጥ አስቀምጣ ጠበቀችኝ። «አጎቴ፣ ደሴቶቹን» አለች።

ደሴቶቹን የፈጠርኩላት ታማ ተኝታ ሳለች ነው። በሞያሌ ሰማይ ላይ ይንሳፈፋሉ። ነዋሪዎቹ ከብቶቻቸው እንዳይወድቁ በገመድ ያስሯቸዋል። ማታ ከጎዶማ መንደር ሰው ጋር ጎረቤት ሆነህ ትተኛለህ፤ ነፋስ ይነሳና ጠዋት ከማታውቀው ሰው ጋር እንዴት አደርክ ትባባላለህ። ሙሽሪት የምትወሰደው ሁለት ደሴቶች ሲነካኩ ነው፤ የሙሽሪት እናት ምርቃት ካስረዘሙ ሙሽራው ከነሚዜዎቹ ተንሳፍፎ ይሄዳል። ኬላም አላቸው፤ ድንበሩ ስለማይቆም የጉምሩኩ ሰው ሁልጊዜ እየሮጠ ነው።

ዛሬ አዲስ ሰው ጨመርኩ። ወርዋሪት አልኳት። ደሴት ባለፈ ቁጥር ገመድ እየወረወረች «ልጄ አለ?» ትላለች። አንድ ቀን የሰው ፍየል ጎትታ አወጣች። ሌላ ቀን ራሰ በራ የጉምሩክ ሹም። ልጆቹ መሬት ላይ ተንከባለሉ። እህቴ እንኳ አፏን በሻርፗ ሸፍና ሳቀች።

የሳቁት ማን እንደሆነች ስላወቁ ነው። እትዬ ዘነበች ልጃቸው ሰሎሞን ናይሮቢ ሄዶ ከቀረ ወዲህ፣ ከኬንያ ሎሪ በመጣ ቁጥር ማራገፊያው ቆመው ሾፌሮቹን ይጠይቃሉ። እኔም እንደሚያውቋት አውቄ ነው የጨመርኳት።

ረቡዕ

ሎሪዎቹ ገቡ። ሬዲዮ የምጠግንበት ሱቄ ከማራገፊያው ፊት ለፊት ነው። እትዬ ዘነበች ሾፌሮቹን ጠይቀው ሲመለሱ ልጆቹ ተከተሏቸው።

«ወርዋሪት፣ ዛሬስ ምን ያዝሽ?»

መጀመሪያ አልገባቸውም፤ ፈገግ አሉላቸው። ልጆቹ ደገሙት። አንዱ ገመድ እንደሚወረውር እጁን አወናጨፈ። ያኔ ገባቸው። የተቆጡት ልጆቹን አይደለም። ቀና ብለው ወደ ሱቄ አዩ። በዚህ ከተማ እንዲህ ያለ ነገር የሚፈጥር ሌላ ማን አለ?

ብሎን እንደወደቀበት ሰው ጎንበስ አልኩ። የወደቀ ብሎን አልነበረም። እዚያው ጠረጴዛው ስር ቆየሁ። እስከ ትናንት እትዬ፣ እርስዎ ይሏቸው የነበሩ ልጆች ናቸው። አንቺ ማለትን ያስተማርኳቸው እኔ ነኝ።

ሐሙስ

እትዬ ዘነበች አልመጡም። ሎሪ መጥቶ እሳቸው ሳይኖሩ ሲራገፍ አይቼ አላውቅም። ዱቄቱ ወረደ፣ ሳሙናው ወረደ፣ ቦታቸው ባዶውን ቀረ።

እህቴ ምሳ ስታቀርብ ሳህኑን ጠረጴዛው ላይ ጣል አደረገችው። አንቺም ስቀሻል አልኳት። «ስቄያለሁ» አለች፤ «ለዚህ እኮ ነው ቤታቸው ሄጄ አይዞዎት ማለት ያቃተኝ።»

ልጆቹን ሰብስቤ ቃሉን ከለከልኩ። ባሰበት፤ አሁን በሹክሹክታ ይሉታል። ተረቱን ልለውጠው ሞከርኩ። ወርዋሪት የደሴቶቹ ሁሉ ንግሥት ሆነች አልኩ።

ዳርሚ አልተቀበለችኝም። «ንግሥት ከሆነች ገመዱን ማን ይወረውራል?»

 

ዓርብ

ሱቄን ዘግቼ ቦታቸው ላይ ቆምኩ። ቀላል ነገር ይመስለኝ ነበር። ሰው ሁሉ ያይሃል። ሾፌሮቹ ገና አፍህን ሳትከፍት የለም ይሉሃል።

ጉዮ የሚባለው ሾፌር ግን እሱ ራሱ ጠየቀኝ። «ፉንዲ፣ እናትየው የታሉ? በሩን ሳልከፍት ይደርሱ ነበር።» ሬዲዮ ስለምጠግን ፉንዲ ይሉኛል።

እሱ እንደነገረኝ ሰሎሞን እዚያው ኬንያ፣ ኢሲዮሎ ከተማ ነው ያለው። የሸክም ሥራ ይሠራል። ባዶ እጄን በምን ፊቴ እገባለሁ እያለ ነው የቀረው። ለጉዮ የነገረው ይሄ ነው፦ እናቴ አሁንም ሎሪ ትጠብቅ እንደሆነ እይልኝ፤ ከጠበቀች በሚቀጥለው ጉዞህ አብሬህ እመጣለሁ።

እትዬ የቀሩት አሟቸው ነው አልኩ። ውሸቱ ሳላስበው ወጣ።

«እኔ ያየሁትን ነው የምነግረው» አለ ጉዮ። «ነገ ጠዋት የሎሪዎቹ ኮንቮይ ሳይነሳ ካየኋቸው፣ አየኋቸው።»

ከዚያ በቀጥታ ቤታቸው ሄድኩ። በሩ ዝግ ነው። የግቢው ተከራዮች ልብስ እያጠቡ ያዩኛል። ከውጭ ቆሜ፣ «እትዬ፣ ወርዋሪትን የፈጠርኩት እኔ ነኝ» አልኩ።

«አውቃለሁ» አሉ ከውስጥ።

የሰሎሞንን ነገር አንድ ሳላስቀር ነገርኳቸው። 

«ከስቷል ወይ?» አሉ።

አልጠየቅኩም። የራሴን ጉድ ስሸፍን ስለ ልጁ አንድ ነገር ሳልጠይቅ ቀረሁ። አልጠየቅኩም እትዬ፣ አልኳቸው። በሩ አልተከፈተም።

ቅዳሜ

ወደ ኬንያ የሚሄዱት ከብቶች ሎሪዎቹ ላይ ተጭነው አልቀዋል። አጃቢ ፖሊሶቹ መኪናቸው ላይ ወጥተዋል። ቦታው ላይ ቆሜያለሁ፤ እትዬ ዘነበች የሉም። ጉዮን ትንሽ ቆይ አልኩት። ኮንቮይ አይቆይም አለኝ፤ እውነቱን ነው።

ልጆቹ መጡ። ዳርሚም አለችበት። «ወርዋሪው፣ ዛሬስ ምን ያዝክ?» አለ አንዱ። ሰዉ ሳቀ። እንኳን ሳቁ። ራሰ በራ የጉምሩክ ሹም አልኩ፣ ለራሴ።

ጉዮ ሞተሩን አስነሳ። ያኔ ነው የእትዬ ዘነበች ቢጫ ሻሽ ከወፍጮ ቤቱ ጥግ ብቅ ያለው። አልሮጡም። እኔንም ልጆቹንም አልፈው ሄደው የሾፌሩን በር በመዳፋቸው መቱ። ጉዮ በመስኮቱ ጎንበስ አለ። ምን እንዳሉት አልሰማሁም፤ እሺ ብሎ ራሱን ሲነቀንቅ ብቻ አየሁ።

አቧራው እስኪጠፋ ድረስ ቆመው አዩት።  ሲመለሱ እኔ ጋ ደርሰው ቆሙ።

«ዛሬስ ምን ያዝክ?»

«ምንም፣ እትዬ።»

«ለጀማሪ ደህና ነው» ብለውኝ ሄዱ።

ከምሳ በኋላ ዳርሚ ደሴቶቹን አለችኝ። ዛሬ ነፋስ የለም፣ ሁሉም ባለበት ቆሟል አልኳት። ጉዮ ሲመለስ ማራገፊያው ላይ እቆማለሁ። እትዬ ዘነበች አጠገብ ልቁም ወይስ ራቅ ብዬ፣ እሱን ገና አላወቅኩም።